ከመገንባት በፊት መስፈር፦ የኮምፒውተር ሞዴልና የቦታ መረጃ በአጥቢያ የውኃ ሥራ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

በዚህ የትምህርት ጽሑፍ የውኃ መሐንዲሶች በዘመናችን የሚገለገሉባቸውን ሁለት መሣሪያዎች እንመለከታለን፤ እነርሱም የቦታ መረጃና የኮምፒውተር ሞዴል ናቸው። ዓላማው አንባቢውን መሐንዲስ ማድረግ አይደለም። በአጥቢያችሁ ጉድጓድ ሊቆፈር፣ ምንጭ ሊጎለብት ወይም ኩሬ ሊሠራ ሲታሰብ በፊታችሁ የሚቀርበውን ጥናት መርምራችሁ ተገቢውን ጥያቄ እንድትጠይቁ፣ ከጥናቱ የጎደለውንም እንድትሞሉ ለመርዳት ነው።

ትምህርቱን ከራሴ ስሕተት እጀምራለሁ። ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ የደጋ አጥቢያ ምንጭ ለማጎልበት ሲታቀድ ውኃውን የለካሁት እኔ ነበርሁ። ወሩ ጥቅምት ነበር። 20 ሊትር የሚይዘው ጀሪካን በ40 ሰኮንድ ሞላ። ይህም በሰኮንድ ግማሽ ሊትር፣ በአንድ ቀንና ሌሊት 43,200 ሊትር ማለት ነው። በአገራችን የሁለተኛው የዕድገትና ትራንስፎርሜሽን ዕቅድ ለገጠር ነዋሪ የተያዘው ልክ ለአንድ ሰው በቀን 25 ሊትር ስለነበረ፣ ምንጩ ለ1,700 ሰው ይበቃል ብዬ ጻፍሁ። ምእመናን ድንጋይና አሸዋ ተሸክመው፣ ከጎደለው ኑሯቸው ገንዘብ አዋጥተው ሥራው ተፈጸመ፤ ቦኖውም በጸሎት ተከፈተ።

በሚያዝያ ተመልሼ ስለካው ያው ጀሪካን ለመሙላት 250 ሰኮንድ ፈጀ። የቀኑ ውኃ ከ7,000 ሊትር በታች ወርዷል፤ በዚያው ልክ ሲሰላ የሚበቃው ለ276 ሰው ብቻ ነው። ጀሪካኖች ከቦኖው እስከ ቤተ ክርስቲያኑ በር ተሰልፈው ነበር። አንዲት አሮጊት እናት አዩኝና «ልጄ፣ ውኃችንን የት ወሰዳችሁት?» አሉኝ። ውኃውን የወሰደ ሰው አልነበረም፤ በበጋ የማይኖረውን ውኃ እንዳለ ቈጥሬ የጻፍሁት እኔ ነበርሁ። ግንቡ አልተሰነጠቀም፤ ቧንቧውም አላፈሰሰም። የተበላሸው ልኩ ነበር።

1. ሞዴል ማለት ምንድን ነው?

ባሕረ ሐሳብን ለተማረ ሰው የሞዴል ነገር እንግዳ አይሆንበትም። ሊቁ የዓመተ ዓለሙን ቁጥር ይዞ ወንበሩን ያወጣል፤ ከወንበሩ አበቅቴንና መጥቅዕን ያገኛል፤ ከዚያም ገና ያልደረሰውን የጾም መግቢያና የትንሣኤን ቀን ያውቃል። ጥቂት የታወቁ ቁጥሮችና የጸና ደንብ ካሉ ያልታየውን አስቀድሞ ማስላት ይቻላል ማለት ነው። ስሌቱ ራሱን የሚፈትሽበት መንገድም አለው፤ አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው 30 ካልሆኑ ሊቁ መሳሳቱን ወዲያው ይረዳል።

የውኃ ሞዴልም እንዲሁ በደንብ ላይ የቆመ ስሌት ነው። ደንቡ የውኃ ሚዛን ይባላል። በአንድ ተፋሰስ ላይ የዘነበው ዝናብ ሦስት መንገድ ብቻ አለው፤ በገጸ ምድርና በወንዝ ሆኖ ይወጣል፤ በትነትና በዕፅዋት ቅጠል አማካይነት ወደ አየር ይመለሳል፤ ወይም በአፈርና በከርሰ ምድር ይቀመጣል። የገባው፣ ከወጣውና ከቀረው ድምር ጋር ካልተካከለ አንድ ነገር ተዘንግቷል ወይም በስሕተት ተለክቷል። ኮምፒውተሩ የሚሠራው ይህንኑ ሒሳብ ነው፤ ልዩነቱ ሰው በእጁ ሊጨርሰው በማይችለው ብዛት፣ ለየቦታውና ለየዕለቱ እየደጋገመ ማስላቱ ነው።

ሆኖም በሁለቱ መካከል ትልቅ ልዩነት አለ። ባሕረ ሐሳብ የሚያሰላው የጸናውን የፀሐይና የጨረቃ ሥርዓት ነው። ዝናብ ግን ከዓመት ዓመት፣ አፈርም ከማሳ ማሳ ይለያያል። ስለዚህ የውኃ ሞዴል ያወጣው ቁጥር በመሬት ላይ ከተለካው ቁጥር ጋር እየተመሳከረ መስተካከል አለበት። ባለሙያዎች ይህን ሥራ ካሊብሬሽን ይሉታል። ያልተመሳከረ ሞዴል ውብ ሥዕል ሊሰጥ ይችላል፤ ሊታመን ግን አይገባውም።

2. ምድርን በቁጥር ማንበብ

ሞዴሉ ውኃው ወዴት እንደሚፈስ ለማወቅ አስቀድሞ የምድሩን መልክ ማወቅ ይፈልጋል። በየካቲት 1992 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 2000) ኢንዴቨር የተባለችው የጠፈር መንኮራኩር በ11 ቀን በረራ አብዛኛውን የዓለም የብስ በራዳር ለክታለች። ከዚያ የተገኘው የከፍታ መረጃ ዛሬ ያለ ክፍያ ይገኛል። በዚህ መረጃ የአገራችን ምድር ርዝመትና ስፋታቸው 30 ሜትር ያህል በሆኑ ካሬዎች ተከፍሏል፤ ለእያንዳንዱ ካሬም ከባሕር ወለል በላይ ያለው ከፍታ ተሰጥቶታል።

ከዚህ በኋላ ያለው ሥራ ለማንም ገበሬ ግልጽ ነው። እያንዳንዱ ካሬ ስምንት ጎረቤቶች አሉት፤ ውኃውም ይበልጥ ቁልቁል ወደሆነው ጎረቤት ይወርዳል። ኮምፒውተሩ ይህን ለሁሉም ካሬ ሲያደርግ ብዙ ካሬዎች የሚያፈሱበት መስመር ወንዝ ሆኖ ይታያል። አንድ ነጥብ፣ ለምሳሌ ኩሬ የሚሠራበት ቦታ፣ ከተመረጠ ደግሞ ወደዚያ ነጥብ የሚያፈስሰው ምድር ሁሉ ተለይቶ ይወጣል። ይህም ተፋሰስ ይባላል። በላዩ የአፈር ዓይነት፣ የደን ሽፋን፣ የእርሻ ማሳ፣ መንገድና ነባር ጉድጓድ እንደ ስስ ወረቀት አንዱ በአንዱ ላይ ይነባበራሉ። ይህን የሚያደርገው ሥርዓት ጂአይኤስ ይባላል፤ ለዚሁ የሚያገለግለው ኪውጂአይኤስ የተባለው ፕሮግራም ያለ ክፍያ የሚገኝ ነው።

ስለ እነዚህ ካርታዎች የሰበካ ጉባኤ ሊያውቃቸው የሚገቡ ሁለት ጥንቃቄዎች አሉ።

የመጀመሪያው ደኖቻችንን ይመለከታል። በደቡብ ጎንደርና በሌሎች የደጋ አካባቢዎች የሳተላይት ምስል ሲታይ፣ በታረሰው ምድር መካከል የአብያተ ክርስቲያናት ደኖች እንደ አረንጓዴ ደሴት ጎልተው ይታያሉ። የመንኮራኩሯ ራዳር ግን ጥቅጥቅ ባለ ደን ላይ ሲያርፍ መሬቱን ሳይሆን የዛፎቹን አካል ይነካል። ስለዚህ ጥድና ወይራ የከበበው ቅጥር በከፍታ መረጃው ላይ ኮረብታ መስሎ ሊታይ፣ ኮምፒውተሩም የጎርፉን መስመር ያለ ቦታው ሊያሰምር ይችላል። ይህን የሚያርመው በክረምት ጎርፉ የሚሄድበትን ዐይቶ የሚያውቅ የቦታው ሰው ነው።

ሁለተኛው የቦታ ልክን ይመለከታል። የአገራችን ነባር 1፡50,000 ካርታዎች አዲንዳን በተባለ መነሻ የተሠሩ ሲሆን፣ ጂፒኤስ የተባለው መሣሪያና የእጅ ስልኮች የሚሰጡት ልክ ግን በሌላ ዓለም አቀፋዊ መነሻ ነው። የሁለቱ ቁጥር ሳይለይ ከተደባለቀ አንድ ቦታ 200 ሜትር ያህል ይስታል። በካርታ ላይ ከኢምንት የማይቈጠረው ይህ ርቀት በመሬት ላይ ከሸለቆው ወዲህና ወዲያ ማለት ሊሆን ይችላል። ስለዚህ የጉድጓድ ቦታ በቁጥር ተጽፎ ሲቀርብላችሁ «በየትኛው መነሻ የተወሰደ ነው?» ብላችሁ ጠይቁ።

3. ዝናቡ የት ደረሰ?

አንድ ሚሊ ሜትር ዝናብ በአንድ ካሬ ሜትር ላይ ሲወርድ አንድ ሊትር ውኃ ነው፤ በአንድ ሄክታር ላይ ደግሞ 10,000 ሊትር፣ ማለትም 10 ሜትር ኩብ ይሆናል። ከዚህ ውስጥ ምን ያህሉ ጎርፍ ሆኖ እንደሚሄድ ለመገመት ከሚያገለግሉት ስልቶች አንዱ በአሜሪካ የአፈር ጥበቃ መሥሪያ ቤት የተዘጋጀው ነው። ስልቱ ለእያንዳንዱ የአፈርና የሽፋን ዓይነት እስከ 100 የሚደርስ የጎርፍ ቁጥር ይሰጣል፤ ቁጥሩ ከፍ ባለ መጠን ጎርፉ ይበዛል። ውኃን በመጠኑ በሚያሰርግ አፈር ላይ መካከለኛ ይዞታ ያለው ደን 60 ሲሰጠው፣ የተራቆተ መሬት 86 ይሰጠዋል።

ሒሳቡን በ10 ሄክታር ኮረብታ ላይ እንፈትነው። በአንድ ቀን 50 ሚሊ ሜትር ቢዘንብ በኮረብታው ላይ የወረደው ውኃ 5,000 ሜትር ኩብ ነው። በስልቱ መሠረት ከደኑ 1.4 ሚሊ ሜትር ብቻ፣ ማለትም 140 ሜትር ኩብ፣ በጎርፍ ይወርዳል። ከተራቆተው ኮረብታ ግን 21 ሚሊ ሜትር፣ ማለትም 2,100 ሜትር ኩብ ይወርዳል። ዝናቡ አንድ፣ ኮረብታውም አንድ ሆኖ ሳለ ጎርፉ 15 እጥፍ ሆነ፤ አፈሩንም ይዞ ይሄዳል።

ነገር ግን ከሒሳቡ ያልወጣውን እንደ ወጣ አድርገን አንናገር። በኮረብታው የቀረው ውኃ ሁሉ ወደ ምንጭ አይደርስም። ዛፍም ራሱ ይጠጣል፤ ባሕር ዛፍን የመሰለው ደግሞ አብዝቶ ይጠጣል። ስለዚህ «ዛፍ ትከሉ፤ ምንጭ ይፈልቃል» የሚለው አነጋገር በደፈናው አይሠራም። የትኛው ዛፍ፣ በየትኛው ተዳፋት፣ ከየትኛው እርከን ጋር ይሻላል የሚለውን ሞዴል ለማነጻጸር ያግዛል። አንዱን ኮረብታ በሦስት ዓይነት አያያዝ በኮምፒውተር ላይ ማየት፣ በመሬት ላይ ሞክሮ ሃያ ዓመት ከመጠበቅ ይቀላልና።

4. ከምንጭ እስከ ሐይቅ

በትልቅ ተፋሰስ ላይ ይህ ሥራ እንዴት እንደሚከናወን የጣና ሐይቅ ያሳያል። ሐይቁ 3,000 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ስፋት ሲኖረው፣ ወደ እርሱ የሚያፈስሰው ተፋሰስ ሐይቁን ጨምሮ 15,000 ካሬ ኪሎ ሜትር ይደርሳል። ግልገል ዓባይ፣ ጉማራ፣ ርብና መገጭ ዋና ዋናዎቹ ገባሮች ናቸው። ተመራማሪዎች በ1990ዎቹ እ.ኤ.አ. መጀመሪያ በአሜሪካ የግብርና መሥሪያ ቤት የተሠራውን ስዋት የተባለ ሞዴል በዚህ ተፋሰስ ላይ ተጠቅመዋል። ስዋት ምድሩን በአፈሩ፣ በሽፋኑና በተዳፋቱ ተመሳሳይ ወደሆኑ ክፍሎች ከፍሎ የእያንዳንዱን ውኃና ደለል ያሰላል፤ ውጤቱም በወንዞቹ ላይ ካሉት የመለኪያ ጣቢያዎች መዝገብ ጋር ይመሳከራል።

የውኃ ሚዛን ሲዘነጋ የሚደርሰውን ደግሞ የሐሮማያ ሐይቅ አስተምሮናል። በምሥራቅ ሐረርጌ የሚገኘው ይህ ሐይቅ ለሐረር ከተማ የመጠጥ ውኃ ምንጭ ሆኖ ለዓመታት አገልግሏል። ዙሪያውን ጫትና አትክልት የሚያመርቱ ገበሬዎችም በፓምፕ ይስቡ ነበር፤ ከተራቆቱት ኮረብቶች የወረደው ደለልም ይሞላው ነበር፤ ፀሐይም የበኩሏን ታተን ነበር። በ1990ዎቹ ዓ.ም. ሐይቁ ደረቀ። በኋለኞቹ ዓመታት ውኃው በከፊል ተመልሶ ቢታይም ትምህርቱ ጸንቶ ይኖራል። እያንዳንዱ ተጠቃሚ የራሱን ድርሻ ትንሽ ናት ይል ነበር፤ የሁሉንም ድርሻ ደምሮ ከሚገባው ውኃ ጋር ማስተያየት ግን በጊዜው አልሆነም። የሞዴል ዋና ጥቅም ይህን ድምር ውኃው ሳያልቅ በፊት ማሳየቱ ነው።

5. ሞዴል የማያውቀው

ሞዴል ያልተነገረውን አያውቅም። ከዚህ ቀጥሎ ያሉትን ሦስት ነገሮች ልብ እንበል።

አንደኛ፣ ዝናብን ይመለከታል። የመለኪያ ጣቢያ በሌለበት ቦታ ባለሙያዎች ከሳተላይት የተገኘ ግምት ይጠቀማሉ። ከእነዚህ አንዱ የሆነው ቺርፕስ እ.ኤ.አ. ከ1981 ጀምሮ ያለውን ዝናብ ይሰጣል፤ ነገር ግን እያንዳንዱ ካሬው ወደ 5 ኪሎ ሜትር ተኩል ይሰፋል። በተራራማው አገራችን በአንድ ካሬ ውስጥ ገደሉም፣ አፋፉም፣ ሸለቆውም ሊገቡ ይችላሉ። ለአፋፉ ደብርና ለሸለቆው ደብር አንድ ዓይነት ዝናብ ይጻፍላቸዋል።

ሁለተኛ፣ የከርሰ ምድርን ውኃ ይመለከታል። የገጸ ምድር ተፋሰስ ከካርታ ይታወቃል፤ ከርሰ ምድር ግን ሁልጊዜ ያንኑ ወሰን አይከተልም። በተሰነጣጠቀ የእሳተ ገሞራ አለት ውስጥ ውኃ ከኮረብታው ማዶ ሊመጣ ይችላል። ስለዚህ ለጥልቅ ጉድጓድ ካርታ ብቻውን አይበቃም፤ በቦታው የሚደረግ የከርሰ ምድር ጥናት ያስፈልጋል።

ሦስተኛ፣ ጥራትን ይመለከታል። በስምጥ ሸለቆ ብዙ ጉድጓዶች የዓለም ጤና ድርጅት ከመከረው በሊትር 1.5 ሚሊ ግራም በላይ ፍሎራይድ አላቸው፤ ይህም የልጆችን ጥርስ ያበላሻል፤ ሲበዛም አጥንትን ይጎዳል። የአካባቢውን ነባር ጉድጓዶች የጥራት ውጤት በካርታ ላይ አስፍሮ ሳያዩ አዲስ መቆፈር የምእመናንን ገንዘብ ለጎጂ ውኃ ማዋል ሊሆን ይችላል።

6. አጥቢያው ሊያደርገው የሚችለው

በየአጥቢያው በየማለዳው የሚከፈት፣ ቀን የሚቈጥር፣ መዝገብ የሚይዝና ትውልድ ሲያልፍ የማይዘጋ አንድ ቤት አለ፤ እርሱም ቤተ ክርስቲያን ነው። ሞዴል የሚጎድለው ደግሞ ይኸው ሳይቋረጥ በአንድ ቦታ የተያዘ ልክ ነው። ስለዚህ የሚከተሉትን አራት ሥራዎች እንድትጀምሩ እመክራለሁ።

ሀ) ዝናብ መለካት። ከላይ እስከ ታች እኩል ስፋት ያለው ጣሳ ከዛፍና ከጣሪያ ርቆ በሜዳ ላይ ተተክሎ፣ በየቀኑ ከጠዋቱ 3 ሰዓት በማስመሪያ ይለካ። የውኃው ቁመት በሚሊ ሜትር ይጻፍና ጣሳው ይደፋ። ዝናብ ያልዘነበበት ቀንም ዜሮ ተብሎ ይጻፍ፤ ባዶ ቦታ ዘነበ ወይስ ተረሳ የሚለውን አይለይምና።

ለ) ምንጭን በየወሩ መስፈር። መጠኑ የታወቀ ጀሪካንና ሰዓት ይበቃሉ። ሦስት ጊዜ ተለክቶ አማካዩ ይያዝ። ለግንባታ የሚያገለግለው ቁጥር ውኃው ከሁሉ ያነሰበት ወር ልክ ነው፤ ይህም በብዙ ደጋ አካባቢ ከመጋቢት እስከ ግንቦት ባለው ጊዜ ይገኛል። የጥቅምት ልክ ብቻ ይዞ የመጣ ጥናት ቢቀርብላችሁ አትቀበሉት፤ አቅራቢው እኔ ብሆንም።

ሐ) የሽማግሌዎችን ትውስታ መጻፍ። የትኛው ምንጭ በየትኛው ድርቅ ነጠፈ? ጎርፉ የት ድረስ ደርሶ ነበር? ጠበሉ በማን ዘመን ቀነሰ? ቦታው በጂፒኤስ፣ ዘመኑ በዓመተ ምሕረት ተጽፎ ለባለሙያው ይሰጥ።

መ) ጥናት ሲቀርብ መጠየቅ። የተፋሰሱ ካርታ ይታየን፤ የዝናቡ መረጃ ከየት መጣ፤ ሞዴሉ ከምን ልክ ጋር ተመሳከረ፤ በበጋ ለስንት ሰው ይበቃል በሉ። መልካም ባለሙያ በእነዚህ ጥያቄዎች አይቆጣም፤ ይደሰታል እንጂ።

ማጠቃለያ

ወደዚያ ምንጭ ልመለስ። በኋላ ተፋሰሱን በኮምፒውተር ስናወጣ ከምንጩ በላይ ያለው ኮረብታ አብዛኛው በጎረቤት አጥቢያ ወሰን ውስጥ ሆኖ ተገኘ፤ ቁልቁለቱም እስከ አፋፉ ታርሷል። ውኃ የአጥቢያ ወሰን አያውቅም። ስለዚህ የሁለቱ አጥቢያዎች ሰበካ ጉባኤያት ካርታውን መካከላቸው ዘርግተው ተነጋገሩ፤ በላይኛው ተዳፋት እርከን እንዲሠራና ከብት እንዳይሰማራ ተስማሙ። ታችኞቹ ለእርከኑ ጉልበት አዋጡ። በቦኖው አጠገብም የሌሊቱን ውኃ የሚይዝ ማጠራቀሚያ ተሠራ፤ በሚያዝያው ልክ እንኳ ምንጩ በሌሊቱ 12 ሰዓት ወደ 3,400 ሊትር ይሰጣልና።

ምንጩ በሚያዝያ ዛሬም ቀጭን ነው፤ ለ1,700 ሰው አይበቃም። አሁን ግን ለስንት ሰው እንደሚበቃ ይታወቃል፤ የቀሩት ምእመናን ከሌላ ቦታ ውኃ እንዲያገኙ የሚጠየቀውም በግምት ሳይሆን በተጻፈ ልክ ነው። የወር የወሩን ልክ የያዘው ደብተር በዕቃ ቤቱ ተቀምጧል።

ይስሐቅ የአባቱን ጉድጓዶች ዳግመኛ ሲያስቈፍር፣ ጠብ በተነሣ ጊዜም እየተወ ወደ ሌላ ሲሄድ በኦሪት ተጽፎልናል። ጌታችንም ግንብ ሊሠራ የወደደ ሰው አስቀድሞ ተቀምጦ ወጪውን እንደሚያሰላ በወንጌል አስተምሮናል። ውኃን የሚሰጥ እግዚአብሔር ነው፤ የሰጠንን መስፈርና በልኩ ማካፈል ግን የእኛ የመጋቢዎቹ ድርሻ ነው።

ለሰበካ ጉባኤ ውይይት

1. የአጥቢያችን ዋና ምንጭ ወይም ጉድጓድ በመጋቢትና በሚያዝያ ምን ያህል ውኃ ይሰጣል? የተጻፈ ልክ አለን?
2. ውኃችን የሚመነጨው ከማን መሬት ነው? ከማንስ ጋር መነጋገር ይገባናል?
3. የዝናብ መለኪያውን በየማለዳው የሚያነብ፣ እርሱ በሌለ ጊዜም የሚተካው ማን ይሁን?
4. የቤተ ክርስቲያናችን ደን በዙሪያው ላለው ውኃ የሚሰጠውን ጥቅም እንዴት እየጠበቅነው ነው?

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።